ሠላሳ እንቁራሪቶች

የተራራው የዛፍ እንቁራሪቶች እንግዳ አይወዱም። ሰው ወደ ጅረቱ ሲቀርብ ጭጭ ይላሉ፤ ሰውየው ቁጭ ብሎ ድንጋይ ሲመስል ደግሞ ረስተውት ይንጫጫሉ። እንቁራሪት የምትቆጥረውን ሴት ይህን ያስተማራት የለም፤ አምስት ክረምት እርጥብ ግንድ ላይ ተቀምጣ ነው ያወቀችው።

ዛሬ የመጨረሻው ቆጠራ ነው። በአስር ደቂቃ ውስጥ የሠላሳ እንቁራሪት ድምፅ ካልተመዘገበ ደኑ ይመነጠራል። እሷ ከተንቀሳቀሰች ደግሞ ሁሉም ዝም ይላሉ።

«እስክመለስ አንዱን እንዳታገቢው» አለ ወንድሟ፣ ጃኬቷን ሊያመጣላት ወደ መኪናው እየወረደ።

«ካንተ ጓደኞች መቼም ይሻላል።»

ማስታወሻዋ ላይ ሃያ አራተኛውን ጭረት እንዳሰመረች፣ ከላይ በጅረቱ ራስ ያሉት ዝም አሉ። ቀጥለው ከእነሱ በታች ያሉት ዝም አሉ። ዝምታው በሰው እርምጃ ልክ፣ ዛፍ በዛፍ እየወረደ መጥቶ ከጀርባዋ ቆመ።

«ወንድም ጋሼ፣ በላይ ዞረህ ልታስደነግጠኝ ነው? ቁጭ በል፤ ሥራዬን አታበላሽብኝ» አለች በሹክሹክታ፣ ዞር ሳትል።

ጥቂት ቆይቶ እንቁራሪቶቹ እንደገና ጀመሩ። እሰይ፣ ተቀምጧል ማለት ነው። ሃያ ሰባት። ሃያ ዘጠኝ።

ከታች፣ ከመኪናው በኩል፣ የወንድሟ ድምፅ ከሩቅ ተሰማ። «ጃኬትሽ የታለ? እዚህ የለም እኮ።»

ዞር ልትል አስባ ተወችው። አልተነሳችም። አንድ ደቂቃና አንድ እንቁራሪት ቀርቷታል።

ሠላሳኛው የእንቁራሪት ድምፅ ከጆሮዋ ሥር መጣ፤ የጯሂው ትንፋሽ አንገቷን አሞቀው።

አሰመረችው።