የሠርግ ማግሥት ስም

አማቷ ቤት ከገባች ወዲህ አባቷ ባወጡላት ስም የጠራት ሰው የለም። በሠርጓ ማግሥት፣ እንደ አገሩ ወግ፣ አማቷ «ምትኬ» ብለው ስም አወጡላት። ሴት ልጅ ስለሌላቸው ነው ብላ ደስ አላት። እርግዝናዋ ሰባት ወር ሲሞላ ግን ከደጅ እንዳትወጣ ተከለከለች። ቤት ተቀምጣ አንድ አሳታሚ የላከላትን የሕፃናት ስሞች መጽሐፍ ታርማለች፤ የየስሙን ትርጉምና አመጣጥ ከሚያውቅ ሰው ጠይቃ ማረጋገጥ ሥራዋ ነው።

ዛሬ ተራው የ«ምትኬ» ሆነ። «የሞተን ሰው ለሚተካ የሚወጣ ስም» ይላል መጽሐፉ። ጮክ ብላ አነበበችውና፣

«እማማ፣ ይሄ ትክክል ነው እንዴ?» አለች ሳቅ እያለች።

«ልክ ነው ልጄ።»

«ታዲያ እኔ የማን ምትክ ነኝ?»

አማቷ ተነሥተው የውጩን በር ቆለፉና ቁልፉን መቀነታቸው ላይ ቋጠሩት። ከዚያ ከአልጋ ሥር ሣጥን ስበው፣ በነጠላ የተጠቀለለ የሕፃን ሹራብ አውጥተው ጭኗ ላይ አኖሩላት።

«የፊተኛዋ ምራቴ በእጇ የሠራችው ነው» አሉ። «አንድ ቀንም አልተለበሰ።»