«ፊት!»

«ይቺም ጀርባዋ ናት» ይላሉ አማቴ ስክሪኑን እያዩ።

«አዎ፣ እማማ።»

«እሺ፣ ቀጥሉ።»

ኤዲተሩ ሌላ ፋይል ይከፍታል። ባለቤቴ የሦስተኛ ፎቅ መስኮት ጥሳ ትወጣለች፣ አየር ላይ አንዱን በእርግጫ ትመታለች፣ ካርቶን ክምር ላይ ታርፋለች። ፊቷን ፀጉሯ ሸፍኖታል።

የተዋናይዋ ምትክ ነበረች። ማልቀሱና መሳቁ የተዋናይዋ፣ ዱላውና መውደቁ የእሷ። የእኔ ሥራ ደግሞ ሌላ ሴት መሆኗ እንዳይታወቅ ካሜራውን በጀርባዋ በኩል ማዞር ነበር። ፊቷ ትንሽ ብልጭ ካለ «ፊት!» ብዬ እጮሃለሁ፤ ቀረጻው ተበላሽቷል ማለት ነው፣ እንደገና ይጀመራል። «ካንተ ጋር ለመሥራት ፊት መታጠብም አያስፈልግ» ትለኝ ነበር። አሥራ አንድ ፊልም አብረን ስንሠራ አንድ ተመልካች እንኳ አልነቃብንም። በዚህ ስኮራ ኖርኩ።

ድመት ነበር የምንላት፤ ከየትም ብትወድቅ በእግሯ ስለምታርፍ። ከስንት ፎቅ የዘለለችውን ሴት ሕመም በሦስት ሳምንት ወሰዳት።

እናቷ ሥራዋን ሲረግሙ ነው የኖሩት። «ወልጄ ያሳደግኩሽ ለዱላ ነው?» ብለው ስድስት ዓመት ደጃችንን አልረገጡም፤ አንድም ፊልሟን አላዩም። ዛሬ ጠዋት ግን ራሳቸው ደውለው እዚህ ስቱዲዮው ድረስ መጡ።

«ፎቶማ ሞልቶኛል» አሉኝ ገና በሩ ላይ። «ሥራዋ ላይ ሆና ፊቷን ልየው። ደስ ብሏት ከነበረ ከፊቷ አውቃለሁ፤ እናቷ ነኝ።»

ይኸው ሁለት ሰዓት ሙሉ ማጅራቷን እያሳየኋቸው ነው።

«ልጄ፣ ምን ብታደርግህ ነው እንዲህ የደበቅካት?» ይሉኛል። እየቀለዱ አይደለም።

«ጋሼ» ይላል ኤዲተሩ ቀስ ብሎ፣ «የተበላሹት ቀረጻዎች እኮ አልጠፉም።»

ከጣልናቸው መካከል አንዱን ይከፍታል። ባለቤቴ ፍራሽ ላይ ወድቃ ትንከባለልና ብድግ ትላለች። ከዚያ ትረሳና ፊቷን ወደ ካሜራው፣ ወደ እኔ ታዞራለች። አቧራ በአቧራ ሆናለች፣ ላብ አጥምቋታል፣ ጥርሷ ሁሉ እስኪታይ ትስቃለች። «አየኸኝ?» ትላለች።

«ፊት!» ይላል ከካሜራው ኋላ የእኔው ድምፅ፣ በቁጣ።

ሳቋ ይቋረጣል። ፊቷን በሁለት እጇ ትሸፍናለች። እንዴት እንዳፈርኩ፣ እንዴትስ እንደናፈቀችኝ።

«መልሰው» ይላሉ አማቴ።

ይመልሰዋል። አሁንም ትስቃለች፣ አሁንም እጮህባታለሁ።

«አንዴ ድገመው ልጄ። ድምፁን ግን አጥፋው።» እኔን አያዩኝም።

ኤዲተሩ ድምፁን ያጠፋል። ባለቤቴ ትነሳለች፣ ትዞራለች፣ ትስቃለች። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል።

«አየሁሽ» ይላሉ እናቷ። «አየሁሽ፣ የኔ ልጅ።»

ከዚያ ምንም ሳይሰማ እጆቿ ወደ ፊቷ ይወጣሉ።