የአራሷ ብረት

ምንታምር ከወለደች አምስተኛ ቀኗ ነው። መንግሥት ብረት ሁሉ ይሰብሰብ ካለ ወዲህ የቤቱ ቢላዋ ፕላስቲክ፣ መርፌው ቀርከሃ ሆኗል። አራስ ደግሞ ብረት ሳትይዝ ደጅ አትወጣም፤ ስለዚህ የእናቷን የወይዘሮ የሺመቤትን ክንድ ይዛ ትወጣለች። ክንዳቸው ተሰብሮ ሳለ ሐኪሞች ቲታኒየም አስገብተውበታል። ማግኔት ስለማይስበው ሰብሳቢዎቹ ሳያገኙት ቀርተው ነበር።

ዛሬ የመጣው ሰብሳቢ ግን አዲስ መሣሪያ ይዟል። መሣሪያው ክንዳቸው ላይ ሲደርስ ጮኸ።

«እማማ፣ ሐሙስ ሐኪም ቤት ይምጡ። አውጥተው በፕላስቲክ ይተኩልዎታል።»

«ቤት ውስጥ አራስ አለችብኝ። ልጁ ክርስትና እስኪነሳ ብትታገሱኝስ?»

«ሐሙስ ነው፣ እማማ» አለና ወደ ጎረቤት አለፈ።

ወይዘሮ የሺመቤት አላለቀሱም። ያልታጠበ ሰሃን ነበር፤ እሱን አጠቡ።

ቅዳሜ ክንዳቸው በፋሻ ተጠቅልሎ ተመለሱ። ምንታምር ሁለት ቀን ሙሉ ደጅ ሳትወጣ ጠብቃቸዋለች።

«እማዬ፣ ወሰዱብሽ እንዴ?»

«ምን ሊያደርግላቸው! ወልውለው መለሱልኝ» አሉና ክንዳቸውን ዘረጉላት።

ምንታምር ጥብቅ አድርጋ ይዛ፣ ልቧ አርፎ ወጣች። ወይዘሮ የሺመቤትን ግን ክንዳቸው ቅልል ብሏቸው ነበር።