የአማት ፊት

በአሜሪካ ነባር ሕዝቦች በአፓቼዎች ሕግ አማች የአማቱን ፊት አያይም፤ እርሷም የእርሱን አታይም፤ በቀጥታም አይነጋገሩም። ይህም ጥል ሳይሆን የአክብሮት ሁሉ ራስ ነው።

የአንድ አፓቼ ሚስት በሞተች ጊዜ ወገኖቹ እንደ ልማዳቸው ጎጆዋን አቃጥለው ሸለቆውን ለቀው ሄዱ። አማቱ ግን ጉልበቷ ስለ ከዳት መጓዝ አልቻለችም፤ እርሱም ጥሏት መሄድ አልሆነለትም። ስለዚህ ደጃፋቸው የማይተያይ ሁለት የሣር ጎጆዎች ሠራ። ከሰው ወገን ሌላ ማንም ስላልነበረ መልእክተኛቸው አንዲት አሮጊት ውሻ ሆነች።

«አንቺ ውሻ፥ ያ ሰውዬ ያመጣው እንጨት እርጥብ ነው፤ በጭስ ሊገድለኝ ነው በዪው» ትላለች አማቲቱ ከውስጥ።

«ውሻዬ፥ እንጨቱስ ደረቅ ነበር፤ ዝናቡን ይቆጡልኝ በያቸው» ይላል እርሱ ከውጭ።

እንዲህ ሁለት ዓመት ኖሩ። አንድ ቀን ግን ከጎጆዋ የወጣው ቃል ደካማ ነበር።

«ውሻ፥ ዛሬ የማመሽ አይመስለኝም በዪው። ብቻዬን መሞት ፈርቻለሁ።»

ከደጃፏ መጥቶ ጀርባውን ሰጥቶ ቆመ። ቢገባ ዕድሜውን ሙሉ የጠበቀውን አክብሮት ያፈርሳል፤ ባይገባ ብቻዋን ትሞታለች።

«ግባ በዪው» አለች ሴትዮዋ። «ልጄን ከቀበርሁ ወዲህ ዓይኔ ጠፍቷል፤ እኔ አላየውም።»

ሰውዬው ግንባሩ ላይ ያሰረውን ጨርቅ ወደ ዓይኖቹ አውርዶ አጥብቆ ቋጠረው። ከዚያም እየዳሰሰ ገባና እጇን ፈልጎ ያዘ።