ልጅ የማይወለድበት ወር

ባሌ ሙንጂ ለሚጽፈው ልብ ወለድ የራሱን የዘመን አቆጣጠር ፈጠረ። አልበቃ ብሎት የወጥ ቤታችንን ካላንደር አውርዶ የእሱን ሰቀለበት። የመጀመሪያው ወር ሩዛም ይባላል፤ በሩዛም ልጅ አይወለድም።

«የመውለጃዬ ቀን አልፎ እየተጨነቅሁ በሆዴ ትቀልዳለህ?» ብዬ ጮህኩበት።

«ተረት እኮ ነው፣ ሰልዋ!»

«ተረትህን እዚያው ለራስህ!»

ካላንደሩን ቦጫጭቄ ምድጃ ውስጥ ከተትኩትና ንዴቴ ሳይበርድ ከዓሣ ገበያው ጀርባ ወዳሉት አዋላጅ፣ ወደ እማማ ዘህያ ሄድኩ።

ሆዴን ዳበሱና ሳቁ። «ልጅሽ ደህና ነው። ፊትሽ ግን እንደ ሃሪሳ በርበሬ ቀልቷል፤ ከባልሽ ተጣላሽ እንዴ?»

«ታዲያ ለምን አይወለድም?» አፈጠጥኩባቸው።

እንደየማለዳው ሁሉ ከግድግዳ ካላንደራቸው ላይ የትናንቱን ወረቀት ገነጠሉ።

«ምን ያስቸኩልሻል፣ የኔ ልጅ? ሩዛም እኮ ገና ዛሬ መግባቱ ነው።»