የሁዳዴ ሳህን

አሥራ አምስተኛውን ድብልብል ሥጋ ትሪው ላይ አስቀመጥኩ። ባሌ ቀንዓ ከአሥር በላይ በልቶ አያውቅም፤ ትናንት ግን ሳህኑን ጠርጎ ነው የመለሰው። ጠርጎ! ከሚያስተምርበት ክፍል ጠርተው ካሰሩት አምስት ወሩ ነው፣ እንዲህ በልቶልኝ አያውቅም። ደስታዬን ለጎረቤቱ ሁሉ ሳወራ ዋልኩ፤ ዛሬም ያንኑ ልደግምለት ከማለዳ ጀምሬ ጉድ ጉድ እላለሁ።

ወጡን የተማርኩት ሚስዮን ትምህርት ቤት ነው። ፈረንጇ በኦቨን ነበር የምትጋግረው። እኔ ኦቨን ከየት አባቴ አምጥቼ? እንደ ድፎ ዳቦ ከላይም ከታችም እሳት አደርግበታለሁ። ድንቹ፣ ካሮቱ፣ ጥቅል ጎመኑ ከሥጋው ጋር በቲማቲም ተነክሮ ቀስ ብሎ ይበስላል። ቀንዓ «እኔ ያገባሁት ይህን ትሪ ነው፤ አንቺ ተከትለሽው መጣሽ» እያለ ይቀልድብኝ ነበር።

የክዳኑን ፍም እየጨመርኩ ሳለ እናቱ አዮ ፈትለወርቅ ገቡ። ከሸነን በጠዋቱ አውቶቡስ መምጣታቸው ነው። ለልጃቸው በሶና ተልባ በነጠላቸው ጫፍ ቋጥረዋል። የበሩ ደፍ ላይ ቆም ብለው አሸተቱ።

«ዱሬቲ፣ ይሄ የምን ሽታ ነው?»

«የቀንዓ ምሳ ነዋ፣ አዮ። ይግቡ እንጂ!»

«ሥጋ ነው?»

«ሥጋ ነው። ትናንትም ይህንኑ ልኬለት...»

«ያ ዋቃዮ! አንቺ የጴንጤ ልጅ፣ ሁዳዴ እኮ ትናንት ገባ!»

መቆንጠጫው ከነፍሙ እጄ ላይ ቀረ። እኛ ቤት ከተወለድን ጀምሮ ጾም የለም። ረቡዕና ዓርብን ከቀንዓ ለምጄ ሽሮ እልካለሁ፤ ሁዳዴ መግባቱን ግን በየዓመቱ የሚነግረኝ እሱ ራሱ ነበር። ቅዳሜ ገበያው ሥጋ ሥጋ ሲል ቅበላ መሆኑ እንዴት አይታየኝም? ረከሰ ብዬ ገዛሁ፣ ጨው ነስንሼ አቆየሁ። ልብ ሲኖር አይደል!

«ሳታውቂ ነው፣ ምን ታደርጊ» አሉ በርጩማው ላይ እየተቀመጡ። «ደግሞስ እሱ መች ይነካዋል? ሙሉውን መለሰልሽ አይደል?»

ፍሙን ክዳኑ ላይ አስቀመጥኩ።

«ዱሬቲ?»

«ባዶውን ነው የመጣው፣ አዮ።»

በገና ጾም ቅቤ የነካው ጭልፋ ሽሮው ውስጥ ገብቶብኝ ነበር። እዚያው እስር ቤት ሆኖ፣ እየራበው፣ ሽታው ስለነገረው ብቻ እንዳለ መለሰው። ያን ቀን ሳህኑን ታቅፌ በመንገዱ ሙሉ «ግትር፣ የግትር ልጅ!» እያልኩ ስሰድበው ነው ቤቴ የገባሁት።

«ርቦት ይሆናል» አልኩ።

«ርቦት ነው» አሉ ቶሎ ብለው። «ርሃብ ክፉ ነው። ለእስረኛማ እግዜርም ይፈታለታል።»

«አዎ፣ ይፈታለታል።»

«በዘጠኝ ዓመቱ በሁዳዴ ኩፍኝ ይዞት፣ ወተት ላጠጣው ብል ጥርሱን ገጥሞ...» ብለው ጀመሩና አልጨረሱትም።

ፊቱን ካየሁ አምስት ወር ነው። የማየው ሳህኑን ብቻ ነው። ጎድሎ ሲመለስ፣ ቀንዓ አለ ብዬ ስደሰት ኖርኩ። ታዲያ የበላው ማነው? ትናንት ብቻ ነው ወይስ ከመቼ ጀምሮ? ምድጃው አጠገብ ቁጭ አልኩ።

አዮ ተነሥተው በሶና ተልባውን ከመንገዴ ገለል አደረጉት።

«ውሰጂለት» አሉ።

«ሥጋውን?»

«ሥጋውን። ልጄ ካለ ሙሉውን ይመልስልሻል።» ነጠላቸውን ሳብ አደረጉ። «እኔ የወለድኩት አይበላውም።»

ሳህኑን እስከ አፉ ሞልቼ በጨርቅ ቋጠርኩት። እናት ልጇ ጦሙን እንዲያድር ስትጸልይ ሰምቼ አላውቅም፤ አዮ ግን እንባቸው እየወረደ ያንኑ ይለምናሉ። እኔም «አሜን» አልኩ።

እስር ቤቱ በር ላይ ጠባቂው ተቀብሎኝ ገባ። ስንቅ ያመጡ ሌሎች ሴቶች ወሬ ይዘዋል፤ አንዷ እንዴት ነሽ ብትለኝ ዓይኔን ከበሩ አላነሣሁም። ሙሉውን፣ ጌታዬ፣ ሙሉውን መልስልኝ፤ ከዚህ ሌላ ቃል አልመጣልኝም። አንድ ሰዓት ያህል ቆይቶ ጠባቂው ቋጠሮዬን ይዞ ወጣ። አፉን በእጁ ጀርባ እየጠረገ ነበር።

«ነገም አምጪ» አለኝ። «እጅሽ ይጣፍጣል። ጨው ብቻ ቀንሺ።»

ቋጠሮውን ሲያቀብለኝ እጄ ወደ ላይ ተነሣ። ለሙሉ ሳህን ክብደት ተዘጋጅቶ ነበር።

እንዴት እንደመጣሁ አላውቅም። ወደ ቤታችን መታጠፊያው ላይ ስደርስ አዮ በሩ ላይ ቆመዋል፣ ነጠላቸውን አጣፍተው። ፊቴን አይደለም የሚያዩት፣ እጄን ነው። ቋጠሮውን በአንድ እጄ አንጠልጥዬው ኖሯል። ቆም አልኩና በሌላው እጄ ሥሩን ደገፍኩት፤ እንዳይፈስበት እንደሚጠነቀቅ ሰው ቀስ እያልኩ መራመድ ጀመርኩ።

«ተመስገን!» አሉ ከሩቅ። እልልታቸው ሰፈሩን አናወጠው።

እስከ በሩ ሃምሳ እርምጃ ያህል ቀርቶኛል።