ጎድጓዳው ማሳ

አመተ ሥላሴን የበደላት ከፋለ ነው፤ የሟች ባሏ ታናሽ ወንድም። እሷ ሞጣ ልጇን ስታስታምም፣ እሱ ቢቸና ላይ የሐሰት ምስክር አቁሞ ጎድጓዳውን ማሳ በስሙ አስጻፈው። ከዚያ ወዲህ በደጁ ያለፈችው ፊቷን አዙራ ነው።

ማሳው ክብ ነው፤ ዙሪያው ከፍ፣ መሐሉ ዝቅ ያለ። ጤፍ እንደዚያ የሚያፈራ መሬት በአገሩ የለም።

ዘንድሮ ከዩኒቨርሲቲ ሰዎች መጡ። አለቃቸው ማርያማዊት የምትባል ቀጭን ልጅ ነች። ጎድጓዳው ጥንት ከሰማይ የወደቀ ድንጋይ የቆፈረው ሳይሆን አይቀርም አለች።

«ክብ ስለሆነ?» አለ ከፋለ።

«ክብነቱማ አያረጋግጥም፤ እሳተ ገሞራም ክብ ጉድጓድ ይተዋል። ከሰማይ የወደቀው ግን የሥሩን አለት ይቀጠቅጠዋል። አለቱ ላይ እንደ ፈረስ ጭራ የተበተነ መስመር ይቀራል።»

«እንዲያ ያለ ድንጋይ ካቡ ላይ ሞልቶ የለም?» አለች አመተ ሥላሴ።

«የተለቀመ ድንጋይ ከየትም ይመጣል፣ እማማ። የሚመሰክረው ከቦታው ያልተነቀለው አለት ነው። እኛ ደግሞ በቆፈርንበት ሁሉ ያገኘነው አፈር ብቻ ነው።»

«ቢገኝስ?» አለች አመተ ሥላሴ።

«ጎድጓዳው ከዳር እስከ ዳር ይከለላል። ማረሻ አይገባበትም።»

«በስሜ ነው የሚለውስ?»

«ማንም ቢሆን።»

ከፋለ ከሰዓት በኋላ ስንት ዓመት ያልረገጠውን የአመተ ሥላሴን ደጅ ረገጠ።

«እትዬ፣ ወንድሜ የውሃ ጉድጓድ ሲቆፍር አለት የገጠመው የቱ ጋ እንደሆነ የሚያውቁት እርስዎ ብቻ ነዎት።»

«ዛሬ እትዬ ሆንሁልህ? ትናንት አሮጊቷ አልነበርሁም?»

«ዝም ይበሉልኝ እንጂ እኩሌታውን እመልሳለሁ። ጊዮርጊስን!»

«ጊዮርጊስን ተወው፤ ያን ጊዜም በእሱ ነው የማልኸው። ሽማግሌ ጥራና ድንበሩን አሁኑኑ ትከል።»

ተከለ። ሽማግሎቹ መረቁ። ከፋለ ጉልበቷን ሊስም ተደፋ፤ እሷም ተነሥ ለማለት አልቸኮለችም። ጎረቤቷ ይርጋነሽ እልልታውን አቀለጠችው።

ማርያማዊት ከሕዝቡ መሐል መጥታ ጠየቀቻት። «እማማ፣ እዚህ ሲቆፍር አለት ያገኘ ሰው ያውቃሉ?»

«እዚህ ያለው ጭቃ ነው። ከሰማይ የሚወርደው ደግሞ ዝናብ ነው። ይኼን ሳያስተምሩሽ ነው የመረቁሽ? ሂጂ፣ ይልቅ ባል ፈልጊ!»

ከሁሉ አብልጦ የሳቀው ከፋለ ነበር።

«እንግዲያው ነገ በጧት ወደ ሞጣ እናልፋለን» አለች ልጅቷ፣ ፊቷ ቀልቶ።

ከፋለ በግ አረደ። አመተ ሥላሴ ወደ ማሳዋ ወርዳ በአዲሱ ድንበር ጥግ ጥግ ዞረች፤ አፈሩን በእፍኟ ዘግና አሸተተችው። ስትጮህለት የኖረችው መሬት እጇ ገባ። ከድንበሩ ወዲያ ከፋለ በሬዎቹን ወደ ቤት እየነዳ ያፏጫል። ፉጨቱ እስኪጠፋ ቆማ ሰማችው።

በማግስቱ ማለዳ መኪናው ሳይነሣ ደረሰች፤ ማርያማዊትን በእጇ ይዛ፣ ገና ትናንት በተመለሰላት እኩሌታ ላይ አቆመቻትና፣ «እዚህ ጋ ቆፍሪ» አለቻት።